ዩኒቨርሲቲ በደጅ ሲሆን፦ የከፍተኛ ትምህርት ተቋማት ኃላፊነትና የአዊ ተሞክሮ

ከሠላሳ ዓመታት በፊት በአዊ ምድር፣ በጥርባም ሆነ በዳንግላ፣ በእንጅባራም ሆነ በቻግኒ የሚኖር ወላጅ ልጁ ዩኒቨርሲቲ እንዲገባለት ሲመኝ፣ ምኞቱ ከዞኑ ርቀው በሚገኙ ጥቂት ከተሞች ላይ የተንጠለጠለ ነበር። ዩኒቨርሲቲ ማለት ልጅ የሚሄድበት፣ ከተመረቀም በኋላ ብዙውን ጊዜ የማይመለስበት ሩቅ ስፍራ ነበር። እንጅባራ ዩኒቨርሲቲ በ2010 ዓ.ም. ተማሪዎችን ተቀብሎ ማስተማር ከጀመረ ወዲህ ግን ይህ ርቀት ጠቧል። ተቋሙ ከዞኑ ዋና ከተማ ይገኛል፤ መምህራኑና ተማሪዎቹ በአካባቢው ገበያ ይገበያያሉ፤ አርሶ አደሩም ወደ ከተማ ሲወጣ የግቢውን አጥር እያየ ያልፋል።

ርቀቱ ሲጠብ ጥያቄውም ተለውጧል። ቀደም ሲል የሕዝቡ ጥያቄ «ዩኒቨርሲቲ ይሠራልን» የሚል ነበር። አሁን የሚነሣው ጥያቄ «የተሠራው ዩኒቨርሲቲ ምን ይሠራልናል?» የሚል ነው። ይህ ጥያቄ በአዊ ብቻ የተወሰነ አይደለም፤ በአማራ ክልል የደባርቅና የመቅደላ አምባ ዩኒቨርሲቲዎች፣ በሌሎች ክልሎችም በተመሳሳይ ወቅት የተከፈቱ ተቋማት በሚገኙባቸው አካባቢዎች ሁሉ ይሰማል። የዚህ ጽሑፍ ዓላማም የከፍተኛ ትምህርት ተቋማት ኃላፊነት እንዴት እየተለወጠ እንደመጣ ማስረዳት፣ ለውጡ በአዊ ዞን ምን መልክ እንዳለው ማሳየት፣ እንዲሁም ተገልጋዩ ዜጋ ከዩኒቨርሲቲ ምን ሊጠይቅ እንደሚችልና ምን ደግሞ ከሌላ መሥሪያ ቤት ሊጠይቅ እንደሚገባው ማመልከት ነው።

ከአንድ ከተማ ወደ አገር ሁሉ

ዘመናዊ ከፍተኛ ትምህርት በኢትዮጵያ በተደራጀ መልክ የተጀመረው በ1943 ዓ.ም. ትምህርት መስጠት በጀመረው የአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ ኮሌጅ ነው። የዚያን ጊዜ ዓላማ ግልጽ ነበር፤ መንግሥት ለመሥሪያ ቤቶቹና ለትምህርት ቤቶቹ የተማረ የሰው ኃይል ይፈልግ ነበር፤ ኮሌጁም ይህንኑ ማፍራት ነበረበት። ኮሌጁ ከሌሎች የከፍተኛ ትምህርት ተቋማት ጋር ተዋሕዶ በ1954 ዓ.ም. ወደ ዩኒቨርሲቲ ካደገ በኋላም፣ ተቋሙ በዋናነት የሚለካው በሚያስመርቃቸው ተማሪዎች ነበር።

ነገር ግን ገና ከመነሻው ከዚህ የተለየ መንገድ የያዘ ተቋም ነበር። በ1945 ዓ.ም. አካባቢ በጎንደር ደምቢያ የተነሣው የወባ ወረርሽኝ ብዙ ሕዝብ ፈጅቶ ነበር። በጎንደር ከተማ በ1947 ዓ.ም. ሥራ የጀመረው የሕዝብ ጤና ኮሌጅ ለመቋቋሙ ይህ መከራ አንዱ መነሻ ሆኗል። ኮሌጁ የጤና መኮንኖችን፣ የማኅበረሰብ ነርሶችንና የአካባቢ ጤና ባለሙያዎችን በአንድነት እያሠለጠነ፣ ሠልጣኞቹም በየጤና ጣቢያው በቡድን ሆነው ከሕዝቡ መካከል እየሠሩ እንዲማሩ አድርጓል። ዛሬ የጎንደር ዩኒቨርሲቲ የሚባለው ተቋም ሥሩ ይህ ነው። ከዚህ ታሪክ አንድ ትምህርት ይገኛል፤ የአካባቢው ችግር የትምህርቱን ይዘትና የማስተማሪያውን ስልት ሊወስን ይችላል።

ሁለተኛው ሙከራ በ1957 ዓ.ም. የተጀመረው የኢትዮጵያ ዩኒቨርሲቲ አገልግሎት ነበር። ተማሪዎች ከመመረቃቸው በፊት አንድ ዓመት በየጠቅላይ ግዛቱ ተሠማርተው እንዲያገለግሉ ይደረግ ነበር፤ አብዛኞቹም በትምህርት ቤቶች አስተምረዋል። በ1967 ዓ.ም. የተጀመረው የዕድገት በኅብረት ዘመቻ ደግሞ ወደ 60,000 የሚጠጉ ተማሪዎችንና መምህራንን በመላ አገሪቱ አሠማርቷል። ሁለቱ ሥራዎች በዓላማም በፖለቲካዊ ይዘትም እጅግ ይለያያሉ፤ ሆኖም አንድ የጋራ ነገር አላቸው። ከፍተኛ ትምህርት በጥቂት ከተሞች ብቻ ስለነበር፣ ሕዝቡን ለማገልገል ተማሪውን ከግቢ አውጥቶ መላክ የግድ ነበር። አገልግሎቱም ጊዜያዊ ነበር፤ ዓመቱ ሲያልቅ ተማሪው ይመለሳል፤ ያየውና የተማረው ነገርም አብሮት ይመለሳል።

በ1983 ዓ.ም. በአዲስ አበባና በዓለማያ ከነበሩት ሁለት ዩኒቨርሲቲዎች ተነሥቶ የመንግሥት ዩኒቨርሲቲዎች ቁጥር ዛሬ ከ40 በላይ ደርሷል። የባሕር ዳር ዩኒቨርሲቲ በከተማዋ የነበሩትን የፖሊ ቴክኒክና የመምህራን ማሠልጠኛ ተቋማት አዋሕዶ በ1992 ዓ.ም. ተመሠረተ፤ ከዚያ በኋላ በየተራ በተከፈቱት ተቋማት አማካይነት ከፍተኛ ትምህርት ወደ ዞን ከተሞች ወረደ። በመሆኑም የቀድሞው ችግር፣ ማለትም የተቋሙ ርቀት፣ በእጅጉ ተቃሏል። በአንጻሩ አዲስ ችግር ተፈጥሯል፤ ቅርበት በራሱ አገልግሎት አይደለም። «በቅርብ ያለ ጠበል ልጥ ይነከርበታል» እንደሚባለው፣ በደጅ ያለ ተቋም በአግባቡ ካልተጠየቀና በአግባቡ ካልመለሰ ጥቅሙ ሳይታወቅ ሊኖር ይችላል።

ሕጉ የጣለው ኃላፊነት

የከፍተኛ ትምህርት አዋጅ ቁጥር 1152/2011 ከመማር ማስተማርና ከምርምር ጋር የማኅበረሰብ አገልግሎትን የከፍተኛ ትምህርት ተቋማት ተልእኮ አድርጎ አስቀምጧል። ይህ ድንጋጌ ለተገልጋዩ ትልቅ ትርጉም አለው። ዩኒቨርሲቲ ለአካባቢው ሕዝብ የሚሰጠው አገልግሎት የአመራሩ በጎ ፈቃድ ወይም የበዓል ሰሞን ስጦታ ሳይሆን፣ ተቋሙ ከተቋቋመባቸው ምክንያቶች አንዱ መሆኑን ያመለክታል።

እዚህ ላይ ብዙ ጊዜ የሚፈጠር የግንዛቤ ክፍተት አለ። የማኅበረሰብ አገልግሎት ሲባል ለችግረኞች ልብስ ማከፋፈል፣ ለትምህርት ቤት ወንበር መስጠት፣ የአረጋውያንን ቤት ማደስ ብቻ ይመስላል። እነዚህ ሁሉ መልካም ሥራዎች ናቸው፤ ሊመሰገኑም ይገባል። ይሁን እንጂ ወንበር መስጠት ነጋዴም፣ ማኅበርም፣ ግለሰብም ሊያደርገው የሚችል ነገር ነው። ዩኒቨርሲቲን ከሌሎች የሚለየው በእጁ ያለው ዕውቀት፣ ቤተ ሙከራና የሠለጠነ ባለሙያ ነው። ስለዚህ የማኅበረሰብ አገልግሎቱ ዋና መለኪያ መሆን ያለበት፣ ሌላ ማንም በአካባቢው ሊሰጠው የማይችለውን ነገር ሰጥቷል ወይስ አልሰጠም የሚለው ጥያቄ ነው።

ከአዋጁ በኋላ የመጡ ሁለት ለውጦችም በዚህ ኃላፊነት ላይ ተጽዕኖ አላቸው። የመጀመሪያው ዩኒቨርሲቲዎች በተልእኮና በትኩረት መስክ መለየታቸው ነው። ቀደም ሲል ሁሉም ተቋማት ተመሳሳይ የትምህርት ክፍሎችን ከፍተው፣ ተመሳሳይ ባለሙያዎችን ያሠለጥኑ ነበር። በአዲሱ አሠራር የምርምር፣ የተግባር ሳይንስ፣ የሳይንስና ቴክኖሎጂ እንዲሁም አጠቃላይ ዩኒቨርሲቲዎች ተብለው ተለይተዋል፤ ለምሳሌ አዲስ አበባ፣ ባሕር ዳር፣ ጎንደር፣ ጅማና ሐዋሳ በምርምር ዩኒቨርሲቲነት ተመድበዋል። የዚህ ትርጉም ለወላጆች ግልጽ መሆን አለበት። በአቅራቢያ ያለው ዩኒቨርሲቲ ልጃቸው የሚፈልገውን ሙያ ሁሉ ላያስተምር ይችላል፤ የተማሪ ምደባም አገር አቀፍ በመሆኑ የአካባቢው ልጅ የግድ በአካባቢው ዩኒቨርሲቲ ይማራል ማለት አይደለም። በአንጻሩ እያንዳንዱ ተቋም በተወሰነ መስክ ጠለቅ ብሎ እንዲሠራ ይጠበቃል፤ ያም መስክ ከአካባቢው ተፈጥሮና ኑሮ ጋር ሲገናኝ ጥቅሙ ለሁለቱም ወገን ይሆናል።

ሁለተኛው ለውጥ ራስ ገዝነት ነው። በአዋጅ ቁጥር 1294/2015 መሠረት ዩኒቨርሲቲዎች ራስ ገዝ ሆነው የሚደራጁበት ሥርዓት ተዘርግቷል፤ አዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲም የመጀመሪያው ሆኗል። ራስ ገዝነት ተቋሙ በአካዳሚያዊ፣ በአስተዳደራዊና በፋይናንስ ጉዳዮች ራሱን እንዲችል፣ የራሱንም ገቢ እንዲያጠናክር ይጠይቃል። ከዚህ ጋር አንድ ጥንቃቄ የሚያስፈልገው ጉዳይ ይነሣል። ገቢ መፈለግ የሚመራው መክፈል ወደሚችለው ነው፤ የማኅበረሰብ አገልግሎት ግን ብዙ ጊዜ የሚያስፈልገው መክፈል ለማይችለው ነው። ማማከርን ለድርጅት በክፍያ፣ ለአነስተኛ አርሶ አደር ግን በነጻ መስጠት የሚቻልበት ግልጽ አሠራር ካልተበጀ፣ አንዱ ኃላፊነት ሌላውን ሊጫነው ይችላል። ሥርዓቱ ወደ ሌሎች ዩኒቨርሲቲዎች ሲሰፋ ይህን ሚዛን መጠበቅ ከሚፈተኑባቸው ነገሮች አንዱ ይሆናል።

የዲከረንስ ጉዳይ፦ ዕውቀት በሁለት ወገን

ይህ ሁሉ በተግባር ምን ማለት እንደሆነ ለመረዳት ከአዊ ምድር የተሻለ ምሳሌ ማግኘት ያዳግታል። በፋግታ ለኮማ ወረዳና በአጎራባቾቹ የሚኖሩ አርሶ አደሮች ዲከረንስ የተባለውን የግራር ዝርያ በማሳቸው ላይ መትከል ከጀመሩ ብዙ ዓመታት ተቆጥረዋል። ዛፉ መነሻው አውስትራሊያ ነው። አርሶ አደሩ ግን ከራሱ ኑሮ ጋር በሚስማማ መንገድ አዋሕዶታል፤ በመጀመሪያው ዓመት ችግኙን ከሰብል ጋር ይተክላል፤ ቀጥሎ ባሉት ዓመታት በዛፎቹ መካከል የሚበቅለውን ሣር ለከብቶቹ ያጭዳል፤ በአራተኛው ወይም በአምስተኛው ዓመት ዛፉን ቆርጦ እዚያው ማሳ ላይ ከሰል ያከስላል፤ ከዚያም መሬቱን መልሶ ያርሳል። ከሰሉ በመኪና ተጭኖ እስከ አዲስ አበባ ይደርሳል።

ይህ አሠራር በአንድ ጊዜ ብዙ ችግሮችን ያቃለለ ነበር። የአዊ ደጋማ መሬት በአሲዳማነቱ ይታወቃል፤ ሰብል በማዳበሪያም ቢሆን የሚጠበቀውን ያህል ላይሰጥ ይችላል። ዲከረንስ ደግሞ እንደ ባቄላና እንደ አተር ናይትሮጅንን ወደ አፈር የሚመልስ ተክል በመሆኑ የደከመውን መሬት አሳርፏል። አርሶ አደሩ የገንዘብ ገቢ አግኝቷል፤ ወጣቱም በችግኝ ማፍላት፣ በቆረጣና በማክሰል ሥራ አግኝቷል። የደን ሽፋን በአገሪቱ ብዙ አካባቢዎች ሲመናመን በፋግታ ለኮማ መጨመሩን የሳተላይት ምስሎችን መሠረት ያደረጉ ጥናቶች አሳይተዋል፤ ከእነዚህም መካከል የባሕር ዳር ዩኒቨርሲቲ ተመራማሪዎች የተሳተፉባቸው ይገኙበታል።

ልብ ሊባል የሚገባው የነገሩ ቅደም ተከተል ነው። ዛፉን ከእርሻው ጋር ያስማማው አርሶ አደሩ ነው፤ ተመራማሪው የመጣው በኋላ ነው። በዚህ ጉዳይ ዩኒቨርሲቲው መጀመሪያ ተማሪ ነበር፤ ያጠናው ገበሬው የሠራውን ነው። ዩኒቨርሲቲ ዕውቀት አመንጪ፣ ሕዝቡ ደግሞ ተቀባይ ብቻ ነው የሚለው አስተሳሰብ እዚህ ላይ አይሠራም።

ከቅርብ ዓመታት ወዲህ ደግሞ የነገሩ ሌላ ገጽታ ታየ። ዲከረንስን የሚያጠቃ፣ አርሶ አደሩ በስንዴ ላይ ከሚያውቀው ዋግ ጋር የሚመሳሰል የፈንገስ በሽታ በአካባቢው ተከሠተ። ቅጠልና ቅርንጫፍ ደረቀ፤ ለከሰል ያልደረሱ ዛፎች ሳይቀሩ ጠፉ። ሰፊ መሬት በአንድ ዓይነት ዛፍ በተሸፈነበት አካባቢ በሽታ ከማሳ ወደ ማሳ ለመሻገር ብዙ እንቅፋት አይገጥመውም። ለበርካታ ቤተሰቦች ዲከረንስ እንደ ቁጠባ ሒሳብ ነበር፤ ለልጅ ትምህርት፣ ለሕክምና፣ ለሰርግና ለተዝካር ወጪ የሚቆረጥ ሀብት ነበር። እርሱ ሲደርቅ የጠፋው የብዙ ዓመት ተስፋ ነው።

አርሶ አደሩ በልምዱ ብዙ ያውቃል፤ ነገር ግን በዓይን የማይታይ ፈንገስ ምን ዓይነት እንደሆነ፣ በምን እንደሚተላለፍ፣ የትኛው የዛፍ ዝርያ እንደሚቋቋመው ለማወቅ አጉሊ መነጽርና ቤተ ሙከራ ያስፈልጋል። በሽታው በወደቀበት መሬት ላይ ምን እንደሚተካ ለመወሰንም የአፈር ምርመራና የገበያ ጥናት ያስፈልጋል። ድንች፣ ስንዴና ገብስ፣ በአካባቢው በስፋት የሚገኘው የደጋ ቀርከሃ፣ ሌሎች የዛፍ ዝርያዎች፣ በኖራ የታከመ መሬት ላይ የሚዘራ ሰብል፣ እያንዳንዱ አማራጭ የራሱ ወጪና የራሱ ጥቅም አለው። አንድ አርሶ አደር እነዚህን ሁሉ በየተራ ሞክሮ ለማየት ዕድሜውም መሬቱም አይበቃውም። ዩኒቨርሲቲና የምርምር ተቋም የሚያስፈልጉት እዚህ ላይ ነው፤ ሙከራውንና የሙከራውን ኪሳራ ከገበሬው ትከሻ ላይ አንሥተው እንዲሸከሙለት።

ከዚህ በመነሣት የዘመኑን ዩኒቨርሲቲ ኃላፊነት እንዲህ ማስቀመጥ ይቻላል። ሕዝቡ የሠራውን ማጥናት፣ ሕዝቡ ብቻውን ሊመልሰው የማይችለውን ጥያቄ መመለስ፣ መልሱንም ለጥያቄው ባለቤት በሚገባው ቋንቋ መልሶ ማድረስ። ከሦስቱ ብዙ ጊዜ የሚጓደለው ሦስተኛው ነው። በአዊ መሬት ላይ የተሠራ ጥናት በውጭ አገር መጽሔት በባዕድ ቋንቋ ታትሞ፣ መረጃውን የሰጠው አርሶ አደር ውጤቱን ሳይሰማ የሚቀርበት ሁኔታ ሊታረም ይገባዋል። ሕትመቱ ለተመራማሪው የደረጃ ዕድገት ያስገኛል፤ የገበሬው ድርሻ ግን አልተከፈለም።

ዩኒቨርሲቲውና የጎረቤት ትምህርት ቤቶች

ሌላው የኃላፊነት ለውጥ ከሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ጋር የተያያዘ ነው። የ12ኛ ክፍል ብሔራዊ ፈተና የ2014 ዓ.ም. ተፈታኞችን ጨምሮ በዩኒቨርሲቲዎች ግቢ ውስጥ መሰጠት ከጀመረ ወዲህ፣ 50 በመቶና ከዚያ በላይ ያመጡ ተፈታኞች ድርሻ በ2014 ዓ.ም. 3.3 በመቶ፣ በ2015 ዓ.ም. 3.2 በመቶ፣ በ2016 ዓ.ም. 5.4 በመቶ፣ በ2017 ዓ.ም. ደግሞ 8.4 በመቶ ሆኗል። አኀዙ መሻሻል ያሳያል፤ ይሁን እንጂ ከአሥር ተፈታኞች ዘጠኙ ያህል አሁንም ከማለፊያው በታች ናቸው።

ይህ ውጤት ለዩኒቨርሲቲዎች የሚናገረው ነገር አለ። ተቋሙ የተዘጋጀ ተማሪ ከበሩ ላይ ቆሞ የሚጠብቅበት ዘመን አልፏል። የሚቀበለውን ተማሪ የሚያፈራው በዙሪያው ያለው ትምህርት ቤት ስለሆነ፣ የትምህርት ቤቱ ድካም የራሱ ድካም ነው። በዚህ ረገድ ዩኒቨርሲቲዎች ከ2015 ዓ.ም. ጀምሮ ለተወሰኑ ተማሪዎች የማካካሻ ትምህርት ሲሰጡ ቆይተዋል፤ በክረምት ወራትም የሁለተኛ ደረጃ መምህራንና የትምህርት አመራሮች በዩኒቨርሲቲዎች የአቅም ማጎልበቻ ሥልጠና ወስደዋል። ከሁለቱ የበለጠ ዘላቂ ውጤት ሊኖረው የሚችለው የመምህራኑ ሥልጠና ነው፤ አንድ የፊዚክስ መምህር ሲጠነክር ከእርሱ በኋላ የሚመጡ ብዙ ክፍሎች ይጠነክራሉና። ቤተ ሙከራ የሌለው ትምህርት ቤት ተማሪዎቹን በተወሰነ ጊዜ ወደ ዩኒቨርሲቲው ቤተ ሙከራ እንዲያመጣ ማድረግም ብዙ ገንዘብ የማይጠይቅ፣ ነገር ግን ትልቅ ፋይዳ ያለው ተግባር ነው።

በአዊ ዞን ይህ ጉዳይ የቋንቋ ገጽታም አለው። የአውጚ ቋንቋ በዞኑ የመጀመሪያ ደረጃ ትምህርት ቤቶች የሚያገለግል የትምህርት ቋንቋ ነው። የአንድ ቋንቋ ትምህርት በመማሪያ መጽሐፍና በመዝገበ ቃላት፣ በሠለጠነ መምህርና በጥናት ይቆማል፤ እነዚህን በቋሚነት ሊደግፍ የሚችል ተቋም በአቅራቢያው ሲገኝ ሸክሙ ይቀላል። በ1932 ዓ.ም. እንደተመሠረተ የሚነገርለት የአገው ፈረሰኞች ማኅበርና በየዓመቱ ጥር 23 ቀን የሚከበረው በዓሉ፣ አረጋውያን የያዙት ቃላዊ ታሪክ፣ የዘንገና ሐይቅን የመሰለ የተፈጥሮ ሀብት፣ ሁሉም ተመዝግበው ለትውልድ መተላለፍ አለባቸው። አረጋዊ ሲያልፍ አብሮት የሚያልፈውን ታሪክ በኋላ በገንዘብ መግዛት አይቻልም።

ገደቡን ማወቅ

ከተቋሙ የሚጠበቀው ሲበዛ ገደቡንም ማስረዳት ተገቢ ነው። ዩኒቨርሲቲ የወረዳ ግብርና ጽሕፈት ቤትን፣ የትምህርት መምሪያን ወይም ጤና ጣቢያን አይተካም። የምርጥ ዘር፣ የማዳበሪያና የኖራ አቅርቦት፣ የመሬት ይዞታ ማረጋገጫ፣ የመንገድና የውኃ ግንባታ የሚመለከታቸው የመንግሥት መዋቅሮች ሥራ ነው። በግብርና ምርምር በኩልም በአማራ ክልል የግብርና ምርምር ኢንስቲትዩት ሥር የሚገኙ እንደ አዴት ያሉ ማዕከላት የቆየ ልምድ አላቸው፤ ዩኒቨርሲቲው ከእነርሱ ጋር ሲቀናጅ እንጂ ለየብቻ ሲደክሙ ውጤት አይገኝም።

አዳዲስ ዩኒቨርሲቲዎች በራሳቸው ያልተሟላ ነገር እንዳለባቸውም መካድ አይገባም። ልምድ ያካበተ መምህር ማግኘትና ማቆየት፣ ቤተ ሙከራን በመሣሪያና በኬሚካል ማሟላት ጊዜና በጀት ይጠይቃል። በአማራ ክልል በተፈጠረው የጸጥታ ችግር ምክንያት የተቋረጡና የተጓተቱ ሥራዎችም አሉ፤ መንገድ ሲዘጋ ተመራማሪው ወደ ማሳ፣ አርሶ አደሩም ወደ ከተማ መድረስ አይችሉም። ሰላም ከሌለ የማኅበረሰብ አገልግሎት ከግቢ አይወጣም።

በሌላ በኩል ገደብን ማወቅ ኃላፊነትን መሸሺያ መሆን የለበትም። «ይህ የእኛ ሥራ አይደለም» የሚል መልስ ከዩኒቨርሲቲም ሆነ ከወረዳ ጽሕፈት ቤት ሲሰጥ፣ «ሥራው የእገሌ ነው፤ እኛም ጥያቄዎን አስተላልፈናል» የሚል ሊከተለው ይገባል። ተገልጋዩ ከአንዱ በር ወደ ሌላው በር ሲመላለስ የሚባክነው ጊዜ፣ በእርሻ ወቅት ሲሆን የምርት ጊዜ ነው።

ተገልጋዩ ምን ሊጠይቅ ይችላል?

ከላይ የተገለጸው ኃላፊነት በተግባር የሚተረጎመው ጥያቄ ሲቀርብለት ነው። ዜጎች ከዩኒቨርሲቲዎች ጋር ያላቸው ግንኙነት በሚከተሉት መስኮች ከፍሎ ማየት ይቻላል።

አንደኛ፣ የትምህርትና የማስረጃ አገልግሎት። የተማሪ ቅበላ፣ የውጤት መግለጫ፣ የዲግሪና የሌሎች ማስረጃዎች ጉዳይ የሚመለከተው የየዩኒቨርሲቲውን ሬጅስትራር ነው። ከ2015 ዓ.ም. ጀምሮ የመጀመሪያ ዲግሪ ተማሪ ለመመረቅ የመውጫ ፈተናን ማለፍ ስለሚጠበቅበት፣ ተማሪዎችና ወላጆች ይህን ከወዲሁ አውቀው ሊዘጋጁ ይገባል። ከውጭ አገር ለተገኘ የትምህርት ማስረጃ አቻ ግምት የሚሰጠው፣ የግል ከፍተኛ ትምህርት ተቋማትንም ዕውቅና የሚከታተለው የትምህርትና ሥልጠና ባለሥልጣን ነው። ልጅን በግል ኮሌጅ ከማስመዝገብ በፊት ተቋሙም የሚማርበት የትምህርት መስክም ዕውቅና ያለው መሆኑን ማጣራት በኋላ ከሚመጣ ጸጸት ያድናል።

ሁለተኛ፣ የዕውቀት አገልግሎት። የሰብልና የዛፍ በሽታ፣ የአፈር ችግር፣ የእንስሳት ጤና፣ የውኃ ጥራት፣ የአነስተኛ ድርጅት ሒሳብ አያያዝ፣ የትምህርት ቤት ድጋፍ በዚህ ሥር ይጠቃለላሉ። በዩኒቨርሲቲዎች ውስጥ ምርምርንና የማኅበረሰብ አገልግሎትን የሚያስተባብር የሥራ ክፍል ስለሚኖር ጥያቄው ለዚያ ክፍል ሊቀርብ ይችላል። አንድ ግለሰብ ከሚያቀርበው ይልቅ የቀበሌው አርሶ አደሮች፣ የኅብረት ሥራ ማኅበሩ ወይም ትምህርት ቤቱ በጋራ የሚያቀርቡት ጥያቄ የበለጠ ተሰሚነት ይኖረዋል፤ ተቋሙ የብዙዎችን ችግር በአንድ ጥናት ሊመልስ ይችላልና።

ሦስተኛ፣ የሕግና የጤና አገልግሎት። የሕግ ትምህርት ቤት ያላቸው በርካታ ዩኒቨርሲቲዎች አቅም ለሌላቸው ሰዎች ነጻ የሕግ ድጋፍ የሚሰጡ ማዕከላት አሏቸው። እንደ ባሕር ዳር ዩኒቨርሲቲ ጥበበ ግዮን ያሉ የማስተማሪያ ሆስፒታሎችም ለሕዝቡ የሕክምና አገልግሎት ይሰጣሉ።

ጥያቄ ሲቀርብ በጽሑፍ ቢሆን ይመረጣል። ችግሩ መቼ እንደጀመረ፣ የት የት እንደታየ፣ ምን ያህል መሬት ወይም ምን ያህል ሰው እንደነካ፣ ከዚህ በፊት ምን እንደተሞከረና ምን ውጤት እንደተገኘ ቢገለጽ ባለሙያው ሥራውን ከግማሽ መንገድ እንዲጀምር ይረዳዋል። ደብዳቤው ገቢ ሆኖ የተመዘገበበትን ቁጥርና ቀን መያዝም መልሱን ለመከታተል ያስችላል። የተክል በሽታን በተመለከተ አንድ ጥንቃቄ ያስፈልጋል፤ የታመመ ችግኝ ወይም ቅርንጫፍ ባለሙያ ሳይጠየቅ ከቦታ ቦታ ማጓጓዝ በሽታውን ጤነኛ ወደሆነ አካባቢ ሊያደርሰው ይችላል። ስለዚህ አስቀድሞ የግብርና ባለሙያን ማማከር፣ ናሙና የሚወሰድበትንም መንገድ ከእርሱ መረዳት ይገባል።

ጥናት ለማካሄድ ወደ ቀበሌ የሚመጣን ተመራማሪ መጠየቅም የዜጋ መብት ነው። ጥናቱ ስለምን እንደሆነ፣ ውጤቱ መቼና በምን መንገድ እንደሚመለስ መጠየቅ ተገቢ ነው። ለመጠይቅ የተሰጠ ሰዓት ከሥራ ላይ የተነሣ ሰዓት ነው፤ የሰጠው ሰው ውጤቱን መስማት ይገባዋል።

ማጠቃለያ

የኢትዮጵያ ዩኒቨርሲቲዎች ከመንግሥት ሠራተኛ ማፍሪያነት ተነሥተው፣ ተማሪን ወደ ገጠር ወደ መላክ፣ ከዚያም ራሳቸው ወደየዞኑ ወደ መውረድ ተሸጋግረዋል። የአሁኑ ምዕራፍ ከቀደሙት ይከብዳል፤ የሚለካው በተሠራ ሕንጻና በተመራቂ ቁጥር ሳይሆን በተመለሰ ጥያቄ ነውና። ከቅርብ ዓመታት ወዲህ ዩኒቨርሲቲዎች ከትምህርት ሚኒስቴር ጋር የቁልፍ አፈጻጸም አመላካቾች ስምምነት እየተፈራረሙ መሥራት መጀመራቸው ተጠያቂነትን ያጠናክራል። ነገር ግን ከማንኛውም የሪፖርት ሠንጠረዥ በላይ የሚመሰክረው የአካባቢው ሰው ነው።

በፋግታ ለኮማ ዲከረንሱ የደረቀበት አርሶ አደር በማሳው ላይ ቀጥሎ ምን እንደሚተክል ሲወስን ከዩኒቨርሲቲው የመጣ፣ በሚገባው ቋንቋ የተነገረው፣ በመሬቱ ላይ የተሞከረ ምክር በእጁ ካለ፣ ተቋሙ ኃላፊነቱን ተወጥቷል። ከሌለ ደግሞ ጥያቄው ገና አልተመለሰም፤ ዜጋውም ደጋግሞ የመጠየቅ፣ ተቋሙም የመመለስ ግዴታው እንደጸና ይቆያል።